እግራቸውን ያጠብናቸው ምስክሮች

አጎቴ ቤታችንን ሊወስድብን ለፍርድ ሸንጎው ያቀረበው ወረቀት የተጻፈው በእኔ እጅ ነው። ሌላ ሰው ጽፎት ቢሆን ይህን ነገር የምጀምረው እሱን በመራገም ነበር። የጻፍኩት እኔ ስለሆንኩ ከራሴ እጀምራለሁ።

አሥራ አራት ዓመቴ ነበር። ላሊበላ ላይ ቀበሌ የሚባለው ነገር ከተቋቋመ ብዙም አልቆየም፤ የከተማ ቤት ሁሉ ይመዝገብ ተብሎ ቅጽ በየቤቱ ታደለ። እናቴ ፊደል አልቆጠረችም። እኔ ስምንተኛ ክፍል ነኝ፤ በዚያ ላይ በእጅ ጽሕፈቴ የምኮራ ጉረኛ ነበርኩ። የቤታችን የድንጋይ ደረጃ ላይ ተቀምጬ፣ ቅጹን ደብተሬ ላይ ዘርግቼ፣ የክፍሉን ብዛት፣ የግድግዳውን ዓይነት፣ የጣሪያውን ዓይነት እየጠየቅኳት ሞላሁ። «የባለቤት ስም» የሚለው ጋ ስደርስ እናቴ የታላቅ ወንድሟን ስም እንድጽፍ ነገረችኝ።

«እሱ እኮ የሚኖረው ጋሸና ነው» አልኳት።

«የትም ይኑር። ታላቄ በሕይወት እያለ የኔን ስም ላስቀድም? ያየ ሰው ምን ይለኛል?»

ጻፍኩ። ከቅጹ ሁሉ አሳምሬ የጻፍኩት የሱን ስም ነው።

እናቴን የማያውቅ ሰው ይህን ሞኝነት ሊለው ይችላል። እሷ ግን ታላቅ ወንድሟ ሳይቀመጥ አትቀመጥም፤ እሱ ባለበት ቀድማ አፏን አትከፍትም። ወረቀት ላይም ቢሆን ከሱ መቅደም ነውር መሰላት። ወረቀት ሌላ ነገር መሆኑን ማወቅ የነበረብኝ የተማርኩት እኔ ነበርኩ።

ቤቱን የሠራው አያቴ ነው። ክብ፣ ባለ ደርብ፣ ከቀዩ ድንጋያችን የተገነባ ቤት ነው። ምድር ቤቱ ድሮ የበግ ማደሪያ ነበር፤ ደርቡ ላይ የሚወጣው ከውጭ ባለው የድንጋይ ደረጃ ነው። እናቴ ከአባቴ ጋር ተፋትታ እኔን አዝላ የተመለሰችው እዚያ ነው። አያቴ እግሩ እምቢ ብሎት አልጋ ላይ ሲውል ዓመታት ያነሳችው፣ ያጠበችው፣ ያጎረሰችው እሷ ናት። አጎቴ ያን ጊዜ ጋሸና ሄዶ ለከባድ መኪና ሾፌሮች ሻይ ቤት ከፍቶ፣ አግብቶ፣ ቤት ሠርቶ ነበር። ክፉ ሰው አልነበረም። ሲመጣ ስኳርና ሳሙና ሳይዝ አይመጣም። በአፌ አንቱ እለዋለሁ፤ እዚህ ግን እሱ ልበለው፣ ነገሩ ይቀለኛል።

እኔ ወልድያ ሄጄ አሥራ ሁለተኛን ጨረስኩ፤ ነጥብ አልመጣልኝም፤ ተመልሼ ምድር ቤቱን ጠርጌ አልጋዬንና መጽሐፎቼን አስገባሁበት። ሥራ የለኝም፣ ባል አልፈልግም፣ ዝም ብዬ መቀመጥም አልችልበትም። በዚያው ዓመት የሰሜኑ ጦርነት መንገዱን እየዘጋው የጋሸና መኪና ቀነሰ። አጎቴ ሻይ ቤቱን ዘጋና አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ደጃችን ላይ ቆመ። ስኳር አልያዘም።

እናቴ ወንበሩን አራግፋ ሰጠችው። እሱ ግን አልተቀመጠም። አባቱ የሠራው ቤት ውስጥ ማርጀት እንደሚፈልግ፣ ሚስቱን ይዞ ከጥር በኋላ እንደሚመጣ፣ እኛ እስከዚያ ማረፊያ ብንፈልግ እንደሚሻል ረጋ ብሎ ነገራት። እሷ መሬት መሬት እያየች ሰማችው። እኔ ነኝ የጠየቅኩት።

«ወዴት ነው የምንሄደው ታዲያ?»

«አንች ተምረሻል፣ የትም ትኖሪያለሽ» አለኝ። «እናትሽንም ቢሆን የሚጥላት የለም።»

«እርስዎ እየጣሏት አይደል እንዴ?»

«አፍሽን ያዥ» አለች እናቴ፤ ለኔ እንጂ ለሱ አይደለም።

መጀመሪያ በሽማግሌ ነበር የታየው። ሦስት ሽማግሎች ተቀምጠው ግራ ቀኙን ሰሙና ደርቡ ለአጎቴ፣ ምድር ቤቱ ለእናቴ ይሁን አሉ። ለነሱ ይህ ጥሩ ዕርቅ ነበር። እናቴ ልትስማማ አፏን ስትከፍት ቀደምኳት።

«እናቴ እኮ በግ አይደለችም» አልኩ።

አንዱ ሽማግሌ ጋቢውን እስከ አፍንጫው ሳበ፤ እየሳቀ ይሁን እየተቆጣ እስከ ዛሬ አላውቅም። ሌሎቹ ግን ተቆጡ። ሽምግልናው እዚያው ተበተነ፤ በሳምንቱም አንድ የአብዮት ጥበቃ መጥሪያ ይዞልን መጣ።

የቀበሌው ፍርድ ሸንጎ የሚሰበሰበው ዝናብ በሚያስገባ ጠባብ ክፍል ውስጥ ነው። ሦስት ዳኞች አሉ፤ ሰብሳቢው ድሮ ልብስ ሰፊ የነበረ፣ አሁንም ሰው ሲያይ በዓይኑ የሚለካ የሚመስል ሰው ነበር። አጎቴ ብዙ አልተናገረም። ቅጹን አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ አደረገ። ጸሐፊው ሲያነበው የራሴን ጽሕፈት ከሩቅ አወቅኩት።

እኔ ተዘጋጅቼ ነበር። የከተማ ቤቶቹን አዋጅ ወልድያ ትምህርት ቤት በፖለቲካ ክፍለ ጊዜ ሸምድጄዋለሁ። ስለ እናቴ ቆሜ እንድናገር ተፈቀደልኝና አጎቴ ጋሸና ቤት እንዳለው፣ አዋጁ ለአንድ ሰው ከአንድ ቤት በላይ እንደማይፈቅድ፣ ስለዚህ ይህ ቤት የሱ ሊሆን እንደማይችል ዘረዘርኩ። ስጨርስ በራሴ ረክቼ ነበር። አጎቴ ላብ ላብ ብሎታል።

ሰብሳቢው እስክሪብቶውን አስቀመጠ።

«ጥሩ ተናገርሽ ጓዲት። ቅጹ ቤቱ የሱ ነው ይላል። አንች ደግሞ ሌላ ቤት አለው ትያለሽ። እንግዲያማ ይኸኛው ትርፍ ቤት ነው፤ ለመንግሥት ነው የሚሆነው። እኛም ጽሕፈት ቤት እንደቸገረን ታይዋለሽ።»

አጎቴ አየኝ፤ እኔም አየሁት። በዚያች ደቂቃ ሁለታችንም አንድ ነገር ነው የፈራነው። አያቴ ድንጋዩን አንድ በአንድ ያስቀመጠው ቤት ላይ የቀበሌ ማኅተም ታየኝ፤ ያስመታሁት ደግሞ እኔ ነኝ።

አንደኛው ዳኛ፣ ዝምተኛው፣ ነው ያተረፈን። ቤቱ ከምዝገባው በፊት የማን ይዞታ እንደነበር ይጣራ አለ። ሰብሳቢው እያቅማማ ተስማማ፤ እናቴ ቤቱ ከአዋጁ በፊት የሷ እንደነበረ በምስክር ካረጋገጠች ቅጹ ይታረማል፣ ምስክሮቹ ግን ዘመድ መሆን የለባቸውም አለ።

መንገድ ላይ እናቴ አልተቆጣችኝም። ብትቆጣኝ ይሻለኝ ነበር። ደረጃው ሥር ስንደርስ ብቻ «ቀበሌ ከሚወስደው አያ ቢወስደው ይሻላል፤ ሄጄ ለዳኞቹ ልንገራቸው» አለች፤ አያ የምትለው ወንድሟን ነው።

«አትነግሪያቸውም» አልኳት። «ምስክር እፈልጋለሁ።»

«ከየት ነው የምታመጭው? ሰፈሩ ሁሉ የሥጋ ዘመድ ነው። ከዘመድ ሌላ ይህን ደረጃ የወጣ ተሳላሚ ብቻ ነው።»

ይህን ያለችው ተስፋ ቆርጣ ነው። እኔ ግን ባለሁበት ቆምኩ።

ላሊበላ ላይ እያንዳንዱ ቤት የራሱ ተሳላሚ አለው። ለልደት ከሩቅ አገር በእግር የሚመጡት ሰዎች ዘንድሮ ያደሩበት ቤት ነው ለከርሞም የሚያድሩት። ባለቤቱ እግራቸውን ያጥባል፤ እነሱ ሲሄዱ የባለቤቱን የክርስትና ስም ጠርተው ቤቱን ይመርቃሉ፤ ያንን ስም ይዘው ሄደውም አገራቸው ቤተ ክርስቲያን በጸሎት ያስጠሩታል። የኛ ተሳላሚዎች ከሰሜን፣ ከዋግ በኩል የሚመጡ አሥራ አንድ ሰዎች ነበሩ፤ ከአያቴ ጊዜ ጀምሮ። አያቴ አልጋ ላይ ከዋለ በኋላ የሚመርቁት የናቴን ስም እንደነበር እኔም በልጅነቴ ሰምቻለሁ። የኔ መስማት አይቆጠርም፤ የነሱ ግን ይቆጠራል።

በቀጠሮው ቀን ምስክሮቼ ለልደት ስለሚደርሱ ነገሩ ወደ ጥር እንዲተላለፍ ጠየቅኩ። ሰብሳቢው ፊቱን አጨፈገገ። ሸንጎው የሃይማኖት ጉባኤ እንዳልሆነ ነገረኝ።

«የጠራሁት ምስክር ነው እንጂ ጸሎት አይደለም ጓድ ሰብሳቢ» አልኩት። «በእግራቸው ይምጡ፣ በምን ይምጡ፣ ያዩትን ነው የሚናገሩት።»

ለጥር ሁለት ቀጠረን።

ችግሩ እነሱ ይምጡ አይምጡ አለመታወቁ ነበር። በዚያ ዓመት ያለ ይለፍ ወረቀት ከቀበሌ ቀበሌ መሻገር አይቻልም፤ በሰሜን በኩል ያለው መንገድ ደግሞ በየትኛው ጦር እጅ እንደሆነ በየሳምንቱ ይለዋወጣል። ቤት ቁጭ ብዬ መጠበቅ አልቻልኩም። ተሳላሚዎቻችን ሁልጊዜ መጀመሪያ ይምርሐነ ክርስቶስን ሳይሳለሙ ወደኛ እንደማይወርዱ አውቃለሁ። በታኅሣሥ ሃያ ሦስት ጎህ ሲቀድ ተነስቼ፣ ይለፍ ወረቀትና ዳቦ ይዤ፣ ከሰዓት በኋላ ቤተ ክርስቲያኑ ዙሪያ ካለው ጥድ መሃል ደረስኩ። አንዲት መነኩሲት አስጠግተውኝ ሁለት ቀን ተቀመጥኩ። የመጣውን ሁሉ እየቆምኩ ፊቱን አየሁ። ሰው እንደድሮው አይደለም፤ በጣም ሳስቷል።

በሦስተኛው ቀን ረፋድ ላይ መጡ። ከአሥራ አንዱ አራት ብቻ፤ መሪያቸው የሆኑት ሽማግሌ ግን አሉ፣ ከበፊቱ የከሱ፣ ከበፊቱ የጎበጡ። ጉልበታቸውን ሳምኩና ሳያርፉ ነገሩን ዘከዘክሁላቸው። እስከ መጨረሻው ሰሙኝ።

«ልጄ፣ ያየሁትን እናገራለሁ» አሉ። «ያላየሁትን ከጠየቁኝ አላየሁም እላለሁ። አጎትሽም በልጅነቱ እግሬን አጥቦኛል፤ ይህንም ከጠየቁኝ አልደብቅም።»

«እሱንስ ባይሉት» አልኳቸው።

«እንግዲያው ሌላ ምስክር ፈልጊ።»

ሌላ ምስክር አልነበረኝም። እነሱ ተሳልመው አደሩ፤ በማግስቱ ስንቃቸውን ተቀብዬ ተሸከምኩና አብረን ወረድን።

ቤት ስንደርስ ገና ፀሐይ ነበር። ደረጃው ላይ ቀና ስል አጎቴ በሩ ላይ ቆሟል፤ እጅጌውን ጠቅልሏል። ልቀበላቸው የመሄዴ ወሬ ቀድሞኝ ደርሶ፣ እንግዶቹን የሚቀበለው ባለቤት እሱ መሆኑን ሊያሳይ ከጋሸና መጥቷል። እናቴ ውሃውን አሙቃ ሳፋውን ይዛ ነበር፤ ወንድሟ እጁን ሲዘረጋ ለቀቀችለት።

«እማ» አልኳት።

«ታላቄ ነው» አለች።

አጎቴ ሽማግሌው ፊት ተንበረከከ። እግራቸው ተሰነጣጥቆ፣ በአፈር ተለስኖ ነበር። ጥሩ አድርጎ አጠባቸው፣ ጣት በጣት፤ እንዲያውም አንድ ቦታ ላይ እጁ ዘግይቶ ራሱን ዝቅ ሲያደርግ የአያቴ ልጅ መሆኑ ትዝ አለኝ። ከዚያ ንዴቴ ተመልሶ መጣና ማየቱን ትቼ ወደ ምድር ቤት ወረድኩ። ሸንጎው ፊት «ማን አጠባችሁ?» ሲባሉ የሚመልሱትን አስቤ መጽሐፎቼን ያለ ምክንያት ከአንዱ ጥግ ወደ ሌላው ሳዛውር አመሸሁ።

ልደት አለፈ። እንግዶቹ ለኔ ሲሉ መመለሻቸውን አዘገዩ። በጥር ሁለት ሸንጎው ክፍል ውስጥ መቆሚያ አልነበረም፤ ሰው የተሳላሚ ምስክር ሊያይ ነው የመጣው። ሰብሳቢው ሽማግሌውን እጃቸውን አንስተው እውነት እንደሚናገሩ እንዲያረጋግጡ ጠየቃቸው። እሳቸው እጃቸውን አነሱና አስቀድመው ሸንጎውን መረቁ። ሁለቱ ዳኞች ሳያስቡት አሜን አሉ። ሰብሳቢው አሳለው።

ሽማግሌው ሳይቸኩሉ ተናገሩ። ከአዋጁ አስቀድሞ፣ ከትልቁ ድርቅ በፊት በነበረው ልደት አያቴ አልጋ ላይ ሆኖ አሥራ አንዱንም ዙሪያውን አስቀምጦ ነበር። እንደ ልማዳቸው የሱን ስም ጠርተው ሊመርቁ ሲሉ በእጁ አስቆማቸው። ከእንግዲህ ቤቱ የልጄ ነው፣ ይህን ደረጃ ስትወጡ የምትመርቁት እሷን ነው አላቸው። ከዚያ ወዲህ እሳቸው አገር ቤተ ክርስቲያን ውስጥ የሚጠራው የእናቴ ስም ነው፤ ቄሱም ሳይሳሳቱ ያውቁታል።

ሰብሳቢው ጠየቃቸው።

«ዘንድሮስ እግርዎትን ማን አጠበዎት?»

አጎቴ ከወንበሩ ላይ ከፍ አለ።

«እሱ ነው ያጠበኝ» አሉ ሽማግሌው። «ደህና አድርጎ ነው ያጠበኝ፤ እግዜር ይስጠው። ታዲያ አጥቦኝ ሲጨርስ ማድረቂያ ፈለገ። የት እንዳለ ግን አላወቀም። ይች እኅቱ ናት አንስታ የሰጠችው። ከዚያ እጣቢውን ሊደፋ በሩ ጋ ሄዶ ወዴት እንደሚደፋ ጠየቃት። የቤቱ ልጅ ነው፣ ይህን አልክድም። ባለቤት ግን በገዛ ቤቱ ውሃ መድፊያ አይጠይቅም።»

ከኋላ የሆነች ሴት ሳቀች፤ ከዚያ ብዙዎቹ። አጎቴ አልሳቀም። ሲያዩት ያሳዝን ነበር፤ እኔ ግን በዚያን ሰዓት ለማዘን ጊዜ አልነበረኝም፤ ሰብሳቢው ቅጹን አንስቶ ይህን የሐሰት ቃል ለመንግሥት የሞላው ማን እንደሆነ እየጠየቀ ነበር። እናቴ ልትነሳ ስትል ትከሻዋን ይዤ አስቀመጥኳት።

«እኔ ነኝ» አልኩ። «አሥራ አራት ዓመቴ ነበር። እናቴ ከታላቅ ወንድሟ መቅደምን አፍራ ነው ስሙን ያስጻፈችኝ። ሐሰት መሆኑን ግን እሷ አታውቅም፤ ማንበብ የምችለው እኔ ነበርኩ።»

ዳኞቹ ተነጋገሩ። ቤቱ ከአዋጁ በፊት በእናቴ ይዞታ እንደነበረ ተረጋግጧል፣ የእናቴ ነው፣ ሌላ ቤት ስለሌላትም ትርፍ አይደለም አሉ። እኔ ደግሞ ለጥፋቴ ሦስት ወር መሠረተ ትምህርት በነጻ እንዳስተምር ተፈረደብኝ። እንደ ቅጣት አልቆጠርኩትም፤ ሥራ ነው ያገኘሁት።

ስንወጣ ሰው ከበበን። አንዱ እጄን ይጨብጠኛል፣ አንዷ እልል ትላለች። ሽማግሌው መንገዳቸው ረጅም ስለሆነ እዚያው ተሰናበቱን። እኔ እንደ አሸናፊ ደረቴን ነፍቼ ቆሜ ሳለ እናቴ ከአጠገቤ ጠፋች። ዞር ስል ግድግዳው ሥር ብቻውን ከቆመው አጎቴ ጋር አየኋት። ሻይ ቤቱን ዘግቷል፤ የጋሸናው ቤቱም ባዶ ነው፤ ሚስቱ ሾፌር የሌለበት ጋሸና ሰልችቷት ወደ ወላጆቿ እንደሄደች ለማንም ሳይናገር ከርሟል። ይህን ለእናቴ የነገራት ያን ቀን፣ ግድግዳው ሥር ነው።

ይዛው መጣች። ቤት ደርሰን እሱ ደጅ ሲቀር ወደኔ ዞረች።

«መጽሐፎችሽን ከምድር ቤት አንሽ» አለችኝ። «አያ ይገባበታል።»

መጀመሪያ የሰማሁ አልመሰለኝም። ገና ከሸንጎ መምጣታችን መሆኑን፣ ስንት ወር በዚህ ነገር መንገላታታችንን፣ ዛሬ ከገባ ነገ ደርቡን እንደሚጠይቅ ነገርኳት። ሽማግሎቹ ያሉት ይህንኑ ከሆነ ለምን ይህን ሁሉ እንደሄድን ጠየቅኳት። እስክጨርስ ጠበቀችኝ።

«ሽማግሎቹ እኮ ሲያካፍሉን ነው» አለች። «እኔ ስሰጠው ሌላ ነው። ቤቱ የሷ ነው ብለሽ አስፈርደሽ የለ? እንግዲህ ማን እንደሚገባበት አንች አይደለሽም የምትነግሪኝ።»

ድምፅዋን ከፍ አላደረገችም። እንዲህ ስትናገር ግን ሰምቻት አላውቅም፤ ለኔም፣ ለሱም፣ ለማንም። ወደ ደጅ ወጥታ «አያ፣ ግባ፤ ጫማህን ግን እዚያ አራግፍ፣ ጠርጌያለሁ» አለችው፤ አጎቴም ጎንበስ ብሎ አራገፈ።

መጽሐፎቼን በሁለት እጄ ታቅፌ የድንጋዩን ደረጃ ወጣሁ።